ምርጫን በጨዋታ ማስተማር፦ የቤኒሻንጉል ጉሙዝ ተማሪዎችና የመጀመሪያ ድምፃቸው

በቤኒሻንጉል ጉሙዝ ክልል የመራጮች ትምህርት የተለየ ክብደት አለው። ስድስተኛው ጠቅላላ ምርጫ ሰኔ 14 ቀን 2013 ዓ.ም. ሲካሄድ፣ በመተከልና በካማሺ ዞኖች በጸጥታ ችግር ምክንያት ድምፅ ሳይሰጥ ቀርቷል። ቀሪው ምርጫ የተከናወነው ሰኔ 13 ቀን 2016 ዓ.ም. ነው። በ2013 ዓ.ም. የአንደኛ ደረጃ ተማሪ የነበሩ የአካባቢው ልጆች ዛሬ ለመራጭነት ዕድሜ እየደረሱ ይገኛሉ።

የዜግነት ትምህርት የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 38 ያስተምራል። ሆኖም ወጣት መራጭን የሚያደናግረው ብዙውን ጊዜ መብቱ ሳይሆን አሠራሩ ነው። በአሶሳም ሆነ በባምባሲ በሚገኝ ትምህርት ቤት፣ የካርቶን ሣጥንና የተቆራረጠ ወረቀት ብቻ ይዞ አሠራሩን በጨዋታ ማሳየት ይቻላል። ተማሪዎች አስፈጻሚ፣ ታዛቢ፣ ዕጩና መራጭ ሆነው ይከፋፈላሉ። መራጩ ካርዱን ያሳያል፤ ስሙ ከመዝገቡ ጋር ይመሳከራል፤ ጣቱ ቀለም ይነካል፤ በመጋረጃ ተከልሎ ምልክት ካደረገ በኋላ ወረቀቱን አጥፎ ሣጥኑ ውስጥ ይከታል።

ጨዋታው ይበልጥ የሚጠቅመው በሁለቱ የድምፅ መስጫ ወረቀቶች ላይ ነው። ለሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት አንድ ዕጩ ብቻ ይመረጣል። ለክልል ምክር ቤት ግን አንድ የምርጫ ክልል ከአንድ በላይ መቀመጫ ሊኖረው ስለሚችል፣ መራጩ እስከ መቀመጫዎቹ ቁጥር ድረስ ምልክት ያደርጋል፤ ከዚያ ካለፈ ድምፁ ዋጋ ያጣል። ይህን በቃል ከማስረዳት ይልቅ፣ በቆጠራ ወቅት የገዛ ወረቀቱ ሲወድቅበት ያየ ተማሪ አይረሳውም።

የመወዳደሪያው ጉዳይ የማንጎ ችግኝ የሚተከልበት ቦታ ወይም የተማሪዎች ፓርላማ ሰብሳቢነት ሊሆን ይችላል። የእውነተኛ ፓርቲ ስምና ምልክት ወደ ክፍል መግባት የለበትም፤ መምህሩ ገለልተኛ ካልሆነ ጨዋታው ቅስቀሳ ይሆናል። የተሸነፈው ወገን ውጤቱን በፊርማው የሚያረጋግጥበት ወይም ቅሬታውን በጽሑፍ የሚያቀርብበት ጊዜ ሊሰጠው ይገባል። በቅርቡ ግጭት ላስተናገደ አካባቢ ይህ ከጨዋታው ሁሉ ከባዱ ክፍል ነው፤ መዘለል ግን የለበትም።

በአሜሪካ የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ የነበሩት ሳንድራ ዴይ ኦኮነር እ.ኤ.አ. በ2009 የመሠረቱት አይሲቪክስ ተመሳሳይ ትምህርት በኮምፒውተር ጨዋታ ያቀርባል። ኢንተርኔት በማይደርስበት ትምህርት ቤት ግን ካርቶኑ ይበቃል፤ በበርታ፣ በጉሙዝ ወይም በሺናሻ ቋንቋ ለመጫወትም ያመቻል።

ጨዋታው ከምዝገባ ጠረጴዛ መጀመር አለበት። በአዋጅ ቁጥር 1162/2011 መሠረት መራጭ ለመሆን ኢትዮጵያዊ መሆን፣ በምዝገባው ዕለት 18 ዓመት መሙላትና በምርጫ ክልሉ ቢያንስ ለስድስት ወራት መኖር ያስፈልጋል። ከመንጌ ወይም ከኩርሙክ መጥቶ በአሶሳ የሚማር ተማሪ ነዋሪነቱን የሚያሳይ ማስረጃ ከምዝገባው ጊዜ ቀደም ብሎ ከቀበሌው ሊይዝ ይገባል፤ ያልተመዘገበ ሰው በድምፅ መስጫው ዕለት ቢሰለፍም መምረጥ አይችልም።