ወራሽ ያጣው የአበበ ቢቂላ ወንበር

ጥር 23 ቀን በእንጅባራ የሚከበረውን የፈረስ በዓል ያላየ ሰው አዊን አየሁ ማለት ይቸግረዋል። በ1932 ዓ.ም. የተመሠረተው የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በዓድዋ የተዋደቁትን አርበኞችና ፈረሶቻቸውን በየዓመቱ ያስብበታል። አንድ ዓመት ከሜዳው ዳር ቆሜ ስመለከት፣ አጠገቤ በእጅ በሚነዳ ባለሦስት እግር ብስክሌት ላይ የተቀመጠ ወጣት ነበር። ከአስፋልቱ ወደ ሜዳው የሚያስገባውን ቦይ የተሻገረው አራት ሰዎች ከነብስክሌቱ ተሸክመውት ነው። እርሱ ግን ዓይኑን ከጉግሱ ላይ አልነቀለም። ያን ጊዜ አንድ ነገር ከነከነኝ፤ ፈረሰኛውም እኮ የሚጋልበው በራሱ እግር አይደለም። ታዲያ ያ ጀግና፣ ይህ ምስኪን የተባለው ስለ ምንድን ነው?

ይህን ጥያቄ በሕይወቱ የመለሰልን ሰው ነበረን። የሻምበል አበበ ቢቂላን የሮምና የቶኪዮ ድል የማያውቅ ኢትዮጵያዊ የለም። ከዚያ በኋላ ያለውን ግን የምንተርከው እንደ ኀዘን ብቻ ነው። መጋቢት 1961 ዓ.ም. በደረሰበት የመኪና አደጋ እግሮቹ ሽባ ሆኑ። የታከመው በእንግሊዝ አገር በስቶክ ማንደቪል ሆስፒታል ነው፤ ዛሬ ፓራሊምፒክ የምንለው ውድድር የተፀነሰበት ስፍራ ማለት ነው። አበበ በ1962 ዓ.ም. በዚያ በተደረገው ውድድር በቀስት ውርወራና በጠረጴዛ ቴኒስ ተሰለፈ። በሚያዝያ 1963 ዓ.ም. ደግሞ ኖርዌይ ሄዶ፣ በረዶ አይቶ ካላደገበት አገር መጥቶ፣ በበረዶ ላይ የሸርተቴ ውድድር ተፎካካሪዎቹን ቀደመ። ተቀምጦም አሸነፈ። በጥቅምት 1966 ዓ.ም. ሲያርፍ ወንበሩ ወራሽ አላገኘም።

በፓራሊምፒክ ያገኘናቸውን ሜዳልያዎች እንቁጠር። እ.ኤ.አ. በ2012 ለንደን ወንድዬ ፍቅሬ፣ በ2016 ሪዮ ታምሩ ደምሴ ብር አመጡ። በቶኪዮ ትዕግሥት ገዛኸኝ የመጀመሪያውን ወርቅ አስገኘች። በ2024 ፓሪስ እርሷ ወርቋን ደገመች፤ ያየሽ ጌቴ ወርቅ፣ ይታያል ስለሺ ብር ጨመሩ። ስድስቱም የተገኙት በ1,500 ሜትር ነው፤ ስድስቱም በእግር ተሮጦ። ባለድሎቹ ማየት የተሳናቸው፣ ዓይናቸው የደከመ ወይም የክንድ ጉዳት ያለባቸው ናቸው። ክብር ይገባቸዋል። በመንኮራኩር የተገኘ ግን አንድም የለም።

ምክንያቱ የክንድ ድካም አይደለም። የስዊዘርላንዱ ማርሴል ሁግ እ.ኤ.አ. በ2021 በጃፓን ማራቶንን በ1 ሰዓት ከ17 ደቂቃ ከ47 ሴኮንድ ጨርሷል። በእግሩ ከሮጠ ከማንኛውም ሰው ከ40 ደቂቃ በላይ ፈጥኖ ማለት ነው። የውድድር ዊልቸር በሯጩ አካል ልክ የሚሠራ፣ ከፊት አንዲት ትንሽ ጎማ ያለችው፣ ዋጋው በብዙ ሺሕ ዶላር የሚቆጠር ዕቃ ነው። ባለ እግሩ ሯጭ በባዶ እግሩም ቢሆን ከእንጅባራ ዳገት ላይ ልምምድ ይጀምራል፤ ባለ ወንበሩ ግን ሌላው ካላገዘው ከደጁ አይወጣም።

ከውድድሩ ወንበር በፊት ደግሞ ከቤት የሚያወጣው መንገድ ይቀድማል። ሕግ አልጎደለንም። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 41 አቅም በፈቀደ መጠን ለአካል ጉዳተኞች ድጋፍ እንዲደረግ ያዛል። በ2001 ዓ.ም. የወጣው የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃዎች ለአካል ጉዳተኞች የሚመቹ እንዲሆኑ ደንግጓል። በ2002 ዓ.ም. የተባበሩት መንግሥታትን የአካል ጉዳተኞች መብት ስምምነት አጽድቀናል። ሆኖም ከእንጅባራም ሆነ ከዳንግላ ወደ አንድ መሥሪያ ቤት የሚያመራ ሰው አዋጁን ከሚያገኝ ይልቅ ደረጃውን ያገኛል።

«ሕዝብ ዳቦ ሲቸግረው ስለ ውድድር ወንበር ታወራለህ?» የሚለኝ አይጠፋም። ጥያቄው ቀላል አይደለም። ነገር ግን ሻምፒዮኑን የሚያሳልፈው መንገድ ነፍሰ ጡሯንም፣ ሽማግሌውንም፣ ባለፉት ዓመታት ጦርነቶች እግሩን ያጣውንም ወጣት ያሳልፋል። እነዚህን ወጣቶች የምንቀበላቸው በምጽዋት ነው ወይስ በመንገድ? ምጽዋቱ ለዕለት ነው፤ መንገዱ ግን ለልጅ ልጅ ይተርፋል።

«ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» ይባላል። ለፈረሱ ልጓምና ኮርቻ በየዓመቱ የሚያሳምር ሕዝብ፣ ለመንኮራኩር መተላለፊያ መሥራት ያቅተዋል ብዬ አላምንም። እኔ ዛሬ የወርቅ ሜዳልያ አልለምንም። ለሚመጣው ጥር 23 ያ ቦይ በአንድ ድልድይ ይሸፈን፤ ያ ወጣት ሸካሚ ሳይሻ ሜዳው ይግባ። የአበበን ወንበር የሚወርስ ሰው ቢገኝ የሚገኘው ከዚያ ወዲህ ነው።