ንጉሥ ቅዱስ ቢሆንስ?

ሰሞኑን በማኅበራችን አዳራሽ በተደረገው ክርክር የኢራን እስላማዊ መንግሥት ጉዳይ በተነሣ ጊዜ ከብዙዎች አፍ የሰማነው መልስ አንድ ነበር፤ «ይህ የእነሱ ጣጣ ነው፤ ከሃይማኖታቸው የመነጨ ስለ ሆነ እኛን አይመለከትም» የሚል። አንዳንዱም በኩራት ተናገረው። ይህ ርዕሰ አንቀጽ የሚጻፈው መልሱ ስሕተት መሆኑን ለማሳየት ነው።

በመጀመሪያ ነገሩን ከአሠራሩ እንየው። ሻሁ ወድቆ እ.ኤ.አ. በ1979 የጸደቀው የኢራን ሕገ መንግሥት፣ የተሰወረው አሥራ ሁለተኛው ኢማም እስኪገለጥ ድረስ የሀገሩ መሪነት ፈቂህ ለተባለው የሃይማኖት ሕግ ሊቅ ይገባል ሲል ደነገገ። ምርጫም፣ ፓርላማም፣ ፕሬዚዳንትም ተፈቀደ። ነገር ግን ለምርጫ የሚቀርበውን ሰው አስቀድሞ የሚያጣራ የ12 ሰዎች ምክር ቤት ቆመ። ከ12ቱ 6ቱን የሃይማኖት ሊቃውንት መሪው ራሱ እንዲሾም ተደረገ። የቀሩትን 6 የሕግ ሰዎች ፓርላማው የሚመርጠው የዳኝነቱ የበላይ ካቀረበለት መካከል ነው፤ ይህንንም የበላይ የሚሾመው መሪው ነው። መሪውን የመምረጥና የመሻር ሥልጣን ለሊቃውንት ጉባኤ ቢሰጥም የጉባኤው እጩዎች የሚጣሩት እንደ ገና በዚያው በ12ቱ ምክር ቤት ሆነ። እንግዲህ ሕዝቡ ድምፅ ይሰጣል፤ ድምፁ ግን ዞሮ ዞሮ ከተነሣበት በር ላይ ይቆማል።

ከዚህ በኋላ የሆነው ይበልጥ ያስተምራል። አያቶላ ኾሜይኒ እ.ኤ.አ. በ1988 መጀመሪያ በጻፉት ደብዳቤ የመንግሥት ጉዳይ ከሶላት፣ ከጾምና ከሐጅ እንኳ እንደሚቀድም ገለጹ። በማግስቱ ዓመት ሕገ መንግሥቱ ሲሻሻል መሪው የመርጃዕነት ማዕርግ ያለው ይሁን የሚለው ግዴታ ተነሣ፤ ኾሜይኒ ሲሞቱ የተተኩት ዐሊ ኻመኔይ ያ ማዕርግ አልነበራቸውም። በሊቅነታቸው የታወቁትና ወራሽ ተብለው የነበሩት አያቶላ ሞንታዜሪ ግን በ1988 በወኅኒ ቤቶች የተፈጸመውን የጅምላ ግድያ ስለ ተቃወሙ ከወራሽነት ወረዱ፤ በኋላም ከ5 ዓመት በላይ በቤታቸው ታገቱ። ሃይማኖት መንግሥትን ይመራል ተብሎ የተጀመረው ነገር ገና 10 ዓመት ሳይሞላው መንግሥት ሃይማኖትን ወደ መምራት ዞረ። እ.ኤ.አ. በ2022 የ22 ዓመቷ ማህሳ አሚኒ በአለባበሷ ተይዛ በፖሊስ እጅ ስትሞት አደባባይ የወጣው ወጣት አብዛኛው በዚሁ መንግሥት ዘመን ተወልዶ በዚሁ መንግሥት ትምህርት ቤት ያደገ ነው።

አሁን ወደ ቤታችን እንመለስ። ይህን ነገር ለመረዳት ቴህራን መሄድ አያስፈልገንም፤ ላስታ ይበቃናል።

የዛጔ ነገሥታት መናገሻ በነበረችው ሮሃ፣ በዛሬዋ ላሊበላ፣ 11 አብያተ ክርስቲያናት ከአለት ተፈልፍለው ቆመዋል። ይምርሐነ ክርስቶስ፣ ላሊበላና ነአኵቶ ለአብ ነገሥታት ብቻ ሳይሆኑ ገድል የተጻፈላቸው፣ በዓል የሚከበርላቸው ቅዱሳን ናቸው። ቀን ሰው የጠረበውን ሌሊት መላእክት እያገዙ ሠሩት ይባላል። እምነቱን አንነካም፤ ያደግንበት ነው። ሆኖም አንድ ጥያቄ እንዲፈቀድልን እንለምናለን። ያን ሁሉ ድንጋይ የፈለፈለው፣ ፍርስራሹን ተሸክሞ የደፋው ገበሬ ወዶ ነውን? ከየትኛው ቀበሌ መጣ? ስንቅ የሰጠው ማን ነው? የላሊበላ ስም ይኸው እስከ ዛሬ አለ፤ የመላእክቱም ሥራ ይነገራል፤ የሠራተኛው ስም ግን የለም።

እ.ኤ.አ. በ1270 ይኩኖ አምላክ ዛጔን አሸንፎ መንግሥቱን ያዘ። በ14ኛው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ በአክሱሙ ንቡረ እድ ይስሐቅ እጅ በግእዝ የተዘጋጀው ክብረ ነገሥት፣ መንግሥት ከሰሎሞን ዘር ውጭ ለሆነ እንደማይገባ አስረግጦ፣ ዛጔዎችን እስራኤላውያን ያልሆኑ ብሎ ከሕጋዊ ነገሥታት ተራ አወጣቸው። እንግዲህ ይህን ልብ በሉልን፤ ዛጔን ያለ አግባብ የነገሡ ናቸው ያለውን መጽሐፍ ያከበረችው ቤተ ክርስቲያን፣ እነዚያኑ የዛጔ ነገሥታት ቅዱሳን ብላ ታቦት ቀርጻላቸዋለች። ቅድስናውን ሰጠቻቸው፤ ዙፋኑን ነሣቻቸው። በዚህ አንሣለቅባትም። ሳታስበው ትልቅ እውነት ተናግራለች፤ ይኸውም ቅድስና ሌላ፣ የመግዛት መብት ሌላ መሆኑን ነው። ቅዱስ ስለ ሆነ መግዛት ይገባዋል ማለት ካልተቻለ፣ ስለ ተቀባ አይጠየቅም ማለት ከየት ይመጣል?

የቅባቱን ታሪክ ብንከተለው ደግሞ ወዴት እንደሚወስደን እንይ። ከ1860 እስከ 1863 ዓ.ም. ተክለ ጊዮርጊስ ተብለው የነገሡት ዋግሹም ጎበዜ በአባታቸው ከዛጔ፣ በእናታቸው ከሰሎሞን ዘር ነኝ ይሉ ነበር። ሁለቱም ዘር አላዳናቸውም፤ የሚቀባቸው ጳጳስ አልነበራቸውም። የትግሬው ካሣ ምርጫ ግን ጳጳሱን ከእስክንድርያ፣ መድፉንና ጠመንጃውን ከእንግሊዝ አግኝተው ነበርና ዓድዋ አጠገብ አሸነፏቸው፤ በ1864 ዓ.ም. አክሱም ላይ ዮሐንስ ተብለው ተቀቡ። ቅባቱ ድሉን አልቀደመም፤ ተከተለው እንጂ።

እኚሁ ዐፄ ዮሐንስ በ1870 ዓ.ም. ቦሩ ሜዳ ላይ ጉባኤ ጠርተው ሃይማኖት ሁሉ አንድ ይሁን ሲሉ የወሎው ኢማም መሐመድ ዐሊ ክርስትና ተነሥተው ሚካኤል ተባሉ፤ እንደ ሼኽ ጦልሐ ያሉት ደግሞ እምቢ ብለው ተዋጉ። ሠላሳ ስምንት ዓመት አልፎ መስከረም 17 ቀን 1909 ዓ.ም. የሚካኤል ልጅ ልጅ ኢያሱ «ሰልሟል» ተብሎ ሲሻር መኳንንቱን ከመሐላቸው የፈቷቸው አቡነ ማቴዎስ ነበሩ። የማስረጃው ነገር እስከ ዛሬ ያከራክራል። የማያከራክረው፣ በወሩ ሰገሌ ላይ ያለቀውን የወሎና የሸዋ ሰው ማንም ያልጠየቀው መሆኑ ነው።

በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ይህን ሁሉ በዘመናዊ ቋንቋ ጻፈው። የንጉሠ ነገሥቱ ዘር ከሰሎሞን እንዲቈጠር፣ ሰውነታቸው በዘራቸውና በቅባታቸው ምክንያት የተቀደሰ እንዲሆን፣ ሥልጣናቸው እንዳይመረመር፣ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያንም የመንግሥት ቤተ ክርስቲያን እንድትሆን ደነገገ። የወሎ ገበሬ በ1965 ዓ.ም. በረኀብ ሲያልቅ ይህ አንቀጽ ሥራውን ሠራ። ማንም ሰው ጨካኝ መሆን አላስፈለገውም፤ የማይመረመር ሥልጣን ባለበት ሀገር በግዛቴ ሰው በረኀብ አለቀ ብሎ መጻፍ የተቀባውን መክሰስ ይመስላልና ወሬው ከአንዱ ቢሮ ወደ ሌላው እየቀዘቀዘ ሄደ። ዝምታውን ከሰበሩት መካከል የዩኒቨርሲቲ መምህራንና ተማሪዎች ነበሩ፤ ወሎ ሄደው ያዩትን በፎቶግራፍ አሳዩ። የእንግሊዙ ጋዜጠኛ ዲምብልቢ ፊልም በአዲስ አበባ ቴሌቪዥን የታየው መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ነው። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ወረዱ።

እዚህ ላይ የሚነሣውን ተቃውሞ እናውቀዋለን፤ «ደርግስ? እግዚአብሔር የለም ያለው አልገደለምን?» ገድሏል፤ እጅግ አብዝቶ ገድሏል። መስከረም 1977 ዓ.ም. የ10ኛ ዓመት በዓሉን በመብራትና በሰልፍ ሲያከብር ኮረም ላይ ሕዝብ ይረግፍ ነበር። ቅባቱን ጣለ እንጂ አለመመረመሩን አልጣለም፤ በእግዚአብሔር ቦታ ታሪክንና ፓርቲን አስቀመጠ። ስለዚህ የእኛ ጥል ከሃይማኖት ጋር አይደለም። ሞንታዜሪም ሃይማኖተኛ ነበሩ።

ይህን ሁሉ የምናነሣው ላለፈው ለመፍረድ አይደለም። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በ11ኛው አንቀጽ መንግሥትና ሃይማኖት የተለያዩ ናቸው ብሏል። ነገር ግን በመኝታ ቤቶቻችን ሁለት ዓይነት ናፍቆት እንሰማለን። አንዱ የተቀባ ንጉሥ ቢመለስ ሀገር ትረጋጋለች ይላል። ሌላው በሸሪዓ የሚመራ መንግሥት ቢኖር ግፍ ይቀራል ይላል። ሁለቱ ወንድሞቻችን አይነጋገሩም እንጂ ቢነጋገሩ አንድ ቋንቋ መናገራቸው ይገርማቸው ነበር። ሚያዝያ 12 ቀን 1966 ዓ.ም. ሙስሊሙ ሕዝብ በአዲስ አበባ አደባባይ ወጥቶ የእምነት እኩልነትንና የመንግሥትና የሃይማኖት መለያየትን ሲጠይቅ አያሌ ክርስቲያኖች አብረው ተሰልፈዋል፤ ያን ሰልፍ ሁለቱም እንዲያስታውሱት እንሻለን።

ለሁለቱም የምናቀርበው ጥያቄ አንድ ነው። የምትመኙት መሪ በተሳሳተ ጊዜ፣ ቡግና ላይ እህሉ የጠፋበት ገበሬ በየትኛው ቀን፣ በየትኛው ሸንጎ፣ በምን ድምፅ ያወርደዋል? መልስ ያለው ሰው በጽሑፍ ለአዘጋጆቹ ይስጥ፤ ከሁለት ገጽ እስካልበለጠ ድረስ በሚቀጥለው እትም ሳንቈርጥ እናወጣዋለን።