የዌምብሌይ ፊልሞችና በዙሪያቸው የነበረው ቃል

እ.ኤ.አ. በ1924 እና በ1925 ለንደን፣ ዌምብሌይ ላይ የተካሄደውን የብሪታንያ ግዛቶች ኤግዚቢሽን የቀረጹት ድምፅ አልባ ፊልሞች የቅኝ ገዢው ዐይን ናቸው ሲባል ዛሬ የሚከራከር የለም። እኔም በዋናው ነገር አልከራከርም። የማልቀበለው ፕሮፓጋንዳውን ምስሉ ውስጥ ብቻ መፈለግን ነው፦ ካሜራው ወዴት ዞረ፣ ማንን ከፊት አቆመ፣ ማንን ጠርዝ ላይ ተወ እያሉ።

በመጀመሪያ፣ የዘመኑ ጥሬ ፊልም ብዙ ብርሃን ይፈልጋል፤ አብዛኛው ደግሞ ቀይ ቀለምን አይለይም። አዳራሽ ውስጥ የተደረደረውን ሸቀጥ ማንሣት ለካሜራ ባለሙያው ፈተና ነበር፤ ደጅ ያለው ሰልፍ፣ ሠረገላና ሕዝብ ግን ቀላል ነው። «ንግዱን ሸሽጎ ክብሩን አጎላ» የሚባለው ምርጫ ከፊሉ የመብራት ጉዳይ ነው። ብሪታንያ ግዛቶቿን በካርታ ላይ ታቀልምበት የነበረው ቀይ ራሱ በዚያ ፊልም ጠቁሮ ነው የሚወጣው!

ኤፕሪል 23 ቀን 1924 ንጉሥ ጆርጅ አምስተኛ ኤግዚቢሽኑን ሲከፍቱ ንግግራቸው በቢቢሲ ተላለፈ። የብሪታንያ ንጉሥ ድምፅ በሬዲዮ ሲሰማ ያ የመጀመሪያው ነው። የዕለቱን ትልቁን ጉድ ፊልሙ መያዝ አልቻለም። የንጉሡ ከንፈር ሲንቀሳቀስ ብቻ ያየው ተመልካች ትርጉሙን ያገኘው ከሬዲዮው፣ ከጋዜጣውና በምስሎቹ መካከል ከሚገባው የጽሑፍ ካርድ ነው።

የኤግዚቢሽኑ ተቃዋሚዎችም ትርጉሙ ከምስሉ ይልቅ ከቃሉ እንደሚመጣ የተረዱ ይመስለኛል። ኤግዚቢሽኑ ውስጥ በግንብ በታጠረው የምዕራብ አፍሪካ መንደር ሰዎች እዚያው እየኖሩ ሙያቸውን ለጎብኚ ያሳዩ ነበር። ናይጄሪያዊው የሕግ ተማሪ ላዲፖ ሶላንኬ በ1924 ብዕሩን ያነሣው ግን አገሩን ባዋረደ የጋዜጣ ጽሑፍ ላይ ነው። በማግሥቱ ዓመት ለንደን ውስጥ የምዕራብ አፍሪካ ተማሪዎች ማኅበርን ከመሠረቱት አንዱ እሱ ነው።

ከሁሉ ይልቅ የሚያሳምነኝ የፊልሞቹ ኋላ ታሪክ ነው። ብሪቲሽ ኢንስትራክሽናል ፊልምስ የተባለው ኩባንያ ለዌምብሌይ ከተሰናዳው ምስል እየቆረጠና እየቀጠለ ለሲኒማ ቤቶች ሌላ ተከታታይ ፊልም አውጥቷል። ያው ምስል በአንድ ካርድ የሸቀጥ ማስታወቂያ፣ በሌላ ካርድ የጂኦግራፊ ትምህርት መሆን ይችላል።

ምስሉ ንጹሕ ነው አላልኩም፤ ማን ማንን እንዲያነሣ እንደ ተፈቀደለት አውቃለሁ። ነገር ግን ከድምፅ አልባው ዘመን በተረፉ ቅጂዎች ካርዶቹ ተቆርጠው መጥፋታቸው የተለመደ ነው። ካርድ የጎደለውን ቅጂ ይዞ ስለ ፊልሙ ዓላማ የሚፈርድ ተመራማሪ፣ ቢያንስ የዘመኑን ጋዜጣና የኤግዚቢሽኑን መመሪያ መጽሐፍ አጠገቡ ማስቀመጥ አለበት።