ድምፅ ብቻውን ምስክር አይሆንም

እንግሊዝኛ በአገራችን ለጌጥ የተያዘ ቋንቋ አይደለም። በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤትና በዩኒቨርሲቲ ትምህርት ይሰጥበታል፤ ከውጭ አገር ጋራ ውል ይጻፍበታል። አንዲት ቃል በትክክል ያልሰማ ተማሪ ፈተና ይወድቃል፤ ያልተረዳ ሹምም በማያውቀው ነገር ላይ ይፈርማል። ነገሩ ይህን ያህል ክብደት እያለው፣ «እንግሊዝኛ ሥርዓት የለሽ ቋንቋ ነው፤ አንዱ ድምፅ አራት ትርጕም ይይዛል፤ ስላንግ የሚሉት የሰፈር አነጋገርማ የትምህርት ቤት በር ሊረግጥ አይገባውም» የሚሉ ሰዎች አሉ። እኔ ግን ይህ አሳብ ስንፍናን በክብር ልብስ መሸፈን ነው እላለሁ።

«ራይት» የሚለውን ድምፅ እንመልከት። መጻፍ ማለት ነው፤ ቀኝ ማለት ነው፤ ትክክል ማለት ነው፤ መብት ማለት ነው፤ የሃይማኖት ሥርዓት ማለትም ይሆናል። «ናይት» ቢሉም ሌሊት ነው፤ ደግሞ ማዕርግ ያለው ፈረሰኛ ነው። እነዚህ ሁለቱ በጥንት ዘመን በድምፅም የተለያዩ ነበሩ፤ የፈረሰኛው ስም በ«ክ» ይጀምር ነበር። ዊልያም ካክስተን በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ1476 ዓ. ም. በዌስትሚንስተር የማተሚያ ሥራ ከጀመረ በኋላ አጻጻፉ እየጸና ሲሄድ፣ አንደበቱ ግን መለወጡን አልተወም። እንግዲህ ዛሬ ተጽፎ የማይነበበው ፊደል የአባቶቻቸው አነጋገር ሐውልት ነው እንጂ የእብደት ምልክት አይደለም።

ይህስ ለእኛ እንግዳ ነገር ነውን? «ሠረቀ» ወጣ፣ በራ ማለት ሲሆን «ሰረቀ» የሌባ ሥራ ነው፤ «ሠዓለ» ሥዕል የሠራው፣ «ሰአለ» የለመነው ነው። ዛሬ በአፋችን አንድ ሆነዋል። «አለ» ብለን ስንጽፍም ላልቶ ቢነበብ ተናገረ፣ ጠብቆ ቢነበብ ይገኛል ማለት ነው፤ ፊደላችን ግን መጥበቁን አያሳይም። ይህን ሁሉ ከዐረፍተ ነገሩ ለይቶ የሚያነብ ሰው የባዕዱን ቋንቋ «ሥርዓት የለሽ» ብሎ ሊነቅፍ አይገባውም።

ጆሯችን በአማርኛ የሠለጠነው የተነባቢን መጥበቅና መላላት ለመለየት ነው። በእንግሊዝኛ ግን ብዙ ጊዜ ልዩነቱ በአናባቢው ላይ ይወድቃል። ስለዚህ መርከቡንም በጉንም «ሺፕ» እንላለን፤ መኖርንም መልቀቅንም «ሊቭ» እንላለን። ሥራውን ሊለቅ የፈለገ ሰው ሊኖርበት እንደ ፈለገ ተቈጥሮ ቢቀር ጥፋቱ የማን ነው? ቃሉን ብቻውን በሰሌዳ ጽፎ ያስጠናው መምህርም ከኀላፊነት አያመልጥም።

ወደ ሰፈር አነጋገር እንለፍ። በምሥራቅ ለንደን ሕዝብ ዘንድ የታወቀ አንድ ዘዴ አለ። ደረጃን «ስቴርስ» እንደማለት፣ በድምፅ ቤት የሚመታውን «አፕልስ ኤንድ ፒርስ»፣ ማለት ፖምና ፒር የሚባሉትን ፍሬዎች ይጠራሉ። ስልክንም «ፎን» በማለት ፈንታ «ዶግ ኤንድ ቦን»፣ ማለት ውሻና አጥንት ይሉታል። አንዳንዴም ቤት የሚመታውን ቃል ጥለው «አፕልስ» ብቻ ይላሉ፤ የቀረውን ሰሚው ይድረስበት። በሰምና ወርቅ ያደገ ሕዝብ ይህን ጨዋታ ሲሰማ ፈገግ ሊል ይገባዋል እንጂ ሊደነግጥ አይገባውም። ነገር ግን አስተርጓሚ ሳይማረው ቢቀር፣ «ባልዲውን ረገጠ» ሲባል ሰውየው መሞቱን ሳይረዳ ባልዲ ይፈልጋል።

አደጋው በሰፈር አነጋገር ላይ ብቻ የሚቆም አይደለም። «ቴብል» የሚለው ግስ በብሪታንያ ስብሰባ ጉዳዩን ለውይይት ማቅረብ ሲሆን፣ በአሜሪካ ግን ጉዳዩን ማቈየት ነው። ዊንስተን ቸርቺል ስለ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት በጻፉት ታሪክ እንደሚተርኩት፣ የሁለቱ አገር ሹማምንት በዚህ ቃል ምክንያት ብዙ ተከራከሩ፤ በመጨረሻ ሁለቱም ወገን የሚሹት አንድ ነገር ሆኖ ተገኘ። እንግሊዝኛ የእናታቸው ቋንቋ የሆነላቸው ሰዎች እንዲህ ከተደናገሩ፣ በቃል ዝርዝር የተማረው የእኛ ሰው ምን ይሁን?

በሌላው ወገን የቆሙትንም ሳልነካ አላልፍም። ከፊልምና ከስልክ የለቀሙትን ቃል በማመልከቻቸው ላይ ሳይቀር የሚበትኑ ወጣቶች አሉ። ልጅ ከባልንጀራው ጋራ በአራዳ ቋንቋ ቢጫወት ማንም አይነቅፈውም፤ «ጌታው፣ ፋራ አትሁን» ብሎ ለአለቃው ቢጽፍ ግን ምን ይባላል? በእንግሊዝኛ የሚሠሩት ስሕተት ይኸው ነው፤ የቃሉን ትርጕም እንጂ የቃሉን ስፍራ አልተማሩም። ያላስተማርናቸውም እኛው ነን።

«ስላንግ በየዓመቱ ይለወጣልና ማስተማሩ ድካም ነው» የሚል መልስ እጠብቃለሁ። እውነት ነው፤ ይለወጣል። ስለዚህ ተማሪው ሊለምድ የሚገባው ዝርዝሩን ሳይሆን ጥያቄውን ነው፦ ይህን ቃል ማን፣ ለማን፣ የት ተናገረው? ቀጥሎትስ ምን ቃል መጣ? መምህራን ሆይ፤ ቃልን ከዐረፍተ ነገር ነጥላችሁ አታስጠኑ። ድምፅ ብቻውን ምስክር አይሆንምና፤ የቃል ምስክሩ ጎረቤቱ ነው።