ይድነቃቸውን ካይሮ ያደረሳቸው ኳስ ነው

ከካይሮ በስተምዕራብ፣ በጊዛ አውራጃ በረሃው ላይ በተቆረቆረችው የ6 ኦክቶበር ከተማ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን፣ ሁላችንም ካፍ የምንለው፣ ዋና ጽሕፈት ቤት ይገኛል። ድርጅቱ እ.ኤ.አ. በየካቲት 1957 ካርቱም ላይ ተመሥርቶ ብዙም ሳይቆይ ወደ ግብፅ ከተዛወረ ወዲህ የአህጉሩ እግር ኳስ ጉዳይ የሚመከረውም የሚዘከረውም በካይሮና በዙሪያዋ ነው። ለቤቱ መቆም የግብፃውያን ድርሻ ትልቅ መሆኑን ማንም አይክድም። የመጀመሪያዎቹ ሁለት ፕሬዚዳንቶች ግብፃውያን ነበሩ፤ ዋና ጸሐፊነቱንም ሙራድ ፋህሚና ልጃቸው ሙስጠፋ ፋህሚ ተከታትለው ለግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ይዘውታል። ቤቱን ከ1972 እስከ 1987 በፕሬዚዳንትነት የመሩት ግን ኢትዮጵያዊው ይድነቃቸው ተሰማ ናቸው። ስማቸውን ስናነሳ አብዛኛውን ጊዜ የምናወድሰው ዲፕሎማቱን፣ የስብሰባ አዳራሹን ሰው፣ ከፊፋ ባለሥልጣናት ጋር የተሟገተውን ተናጋሪ ነው። እግር ኳስ ተጫዋቹ በመግቢያ ዓረፍተ ነገር ይጠቀስና ይታለፋል። እኔ የምለው ተቃራኒውን ነው፤ ይድነቃቸውን ታላቅ መሪ ያደረጋቸው ተጫዋችነታቸው ነው፤ ይህን ስለዘነጋንም ዛሬ ጫማቸውን የሰቀሉ ተጫዋቾቻችንን የት እንደምናስቀምጣቸው አናውቅም።

የተጫዋችነት ዘመናቸው እንደ ዋዛ የሚታለፍ አይደለም። ቅዱስ ጊዮርጊስ በ1928 ዓ.ም. አራዳ ላይ ሲመሠረት ይድነቃቸው የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ነበሩ፤ በዚያው ዕድሜ ወደ ቡድኑ ገብተው ለሃያ ሦስት ዓመታት ያህል ማሊያውን ለብሰዋል። በክለቡ ታሪክ ሲነገር እንደቆየው በ365 ጨዋታዎች 318 ጎሎች አስቆጥረዋል። የዚያን ዘመን መዝገብ አያያዝ እንደዛሬው ባይሆንም ቁጥሩ ስለ ሰውየው ብዙ ይናገራል። ከዚህ ሁሉ የሚበልጠው ግን የተጫወቱበት ጊዜ ነው። በጣሊያን ወረራ ዓመታት የአገሬው ቡድኖች ከጣሊያኖቹ ተለይተው እርስ በርሳቸው ብቻ እንዲጋጠሙ ተደርገው ነበር፤ የክለቦቹም ስም በጣሊያንኛ ተለውጦ ቅዱስ ጊዮርጊስ ለጊዜው ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር ተብሎ ነበር። ዘርን ከዘር የሚለይ ሜዳ ምን እንደሚመስል ይድነቃቸው የተማሩት ከመጽሐፍ ወይም ከተባበሩት መንግሥታት የውሳኔ ሐሳብ አልነበረም። በጉርምስና ዕድሜያቸው በዚያ ሥርዓት ውስጥ ኳስ ተጫውተዋል።

ይህን ይዘን በ1957 ካርቱም ላይ የሆነውን እንመልከት። ሱዳን፣ ግብፅ፣ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ ለመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ ተስማምተው ነበር። ደቡብ አፍሪካ ጥቁርና ነጭ የተቀላቀለበት ቡድን አላሰልፍም በማለቷ ከውድድሩ ወጣች። ይድነቃቸው ከምሥረታው ጀምሮ ካፍ ውስጥ ከነበሩትና በዚህ ጉዳይ ወደኋላ ካላሉት ሰዎች አንዱ ናቸው። ጉዳዩ በአንድ ስብሰባ የሚያልቅ አልነበረም። ፊፋ ደቡብ አፍሪካን በ1961 አገደ፤ በሰር ስታንሊ ራውስ አመራር ዘመን በ1963 እገዳውን አነሳ፤ በ1964 እንደገና አገደ። በመጨረሻ በ1976 ሞንትሪያል ላይ በተደረገው ጉባኤ ሙሉ በሙሉ ስትባረር የካፍ ፕሬዚዳንት ይድነቃቸው ነበሩ። ከካርቱም እስከ ሞንትሪያል አሥራ ዘጠኝ ዓመት ነው። በአንድ ጥያቄ ላይ ይህን ያህል ጊዜ ሳይሰለቹ መቆም ከፖለቲካ ስሌት ብቻ የሚመነጭ አይመስለኝም። ደርሶበት የሚያውቅ ሰው ጽናት ነው።

ሁለተኛው ማስረጃ የሽንፈት ትምህርት ነው። ኢትዮጵያ በ1957 የመጀመሪያው ዋንጫ ፍጻሜ ላይ በግብፅ 4 ለ 0 ተሸነፈች፤ አራቱንም ጎሎች ያገባው አድ ዲባ ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ በ1959 ሁለተኛው ውድድር ካይሮ ላይ ሲደረግ በዚያችው አገር፣ በዚያው ውጤት፣ 4 ለ 0 ተረታች፤ በዚህኛው ሦስቱን ያስቆጠረው ማህሙድ ኤል ጎሃሪ ነው። ሁለት ጊዜ በዚህ መልኩ የተሸነፈ ፌዴሬሽን ከውድድሩ ቢሸሽ የሚፈርድበት አልነበረም። ይድነቃቸው ግን ቡድኑን ራሳቸው ይዘው በጥር 1954 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ያችኑ ግብፅን በተጨማሪ ሰዓት 4 ለ 2 አሸነፉ፤ አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎም ዋንጫውን ከንጉሠ ነገሥቱ እጅ ተቀበሉ። ካይሮ ላይ የተቀጣ ቡድን በሦስት ዓመት ውስጥ ሻምፒዮን እንደሚሆን ያየ አሠልጣኝ፣ ደካማው የሚጠነክረው ከጠንካራው ጋር መጫወት ሲፈቀድለት መሆኑን በዓይኑ አይቷል። ፊፋ የአፍሪካ አሸናፊ ከሌላ አህጉር አሸናፊ ጋር ካልተጋጠመ የዓለም ዋንጫ አይገባም ሲል አፍሪካውያን በ1966ቱ ውድድር አንሳተፍም ያሉትም በዚህ ስሜት ነበር፤ ከጋናው ኦሄኔ ጃን ጋር ክርክሩን ከመሩት አንዱ ይድነቃቸው ናቸው። ውጤቱም ብዙ አልዘገየም፤ በ1970 አፍሪካ የራሷን ቀጥተኛ ቦታ አግኝታ ሞሮኮ ሜክሲኮ ሄደች፣ በ1982 ደግሞ ቦታው ሁለት ሆነ።

እዚህ ላይ ከሚነሱት ተቃውሞዎች ከባዱ፣ ይድነቃቸውን ያደረሳቸው ኳስ ሳይሆን ትውልዳቸውና ትምህርታቸው ነው የሚለው ነው። እውነትም አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በዘመናቸው ስመ ጥር ባለቅኔ፣ በ1908 ጀርመን ውስጥ ድምፃቸውን በሸክላ ያስቀረጹ ሰው ነበሩ። ልጃቸውም ተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ተምረዋል፤ የውጭ ቋንቋ ያውቁ ነበር፤ ቤተ መንግሥቱም አይርቃቸውም። ይህ ሁሉ በር እንደከፈተላቸው አልክድም። ሆኖም ተመሳሳይ ትውልድና ትምህርት የነበራቸው ሰዎች በዚያ ዘመን ጥቂት አልነበሩም፤ የሚመርጡት ግን ሚኒስቴርና ኤምባሲ ነበር። ትምህርቱ በምን ቋንቋ መናገር እንዳለባቸው ሰጣቸው፤ ምን መናገር እንዳለባቸው የሰጣቸው ሜዳው ነው። ሌላም አለ። ንጉሡ በ1974 ሲወርዱ ከቤተ መንግሥት ጋር የተያያዘ ሥልጣን ሁሉ አብሮ ወርዷል፤ የይድነቃቸው የካፍ ወንበር ግን አልተነቃነቀም። በዚያ ዓመት መጋቢት ካይሮ ውስጥ የአፍሪካ ዋንጫ ፍጻሜ ሁለት ጊዜ ተካሂዶ ዛየር ዛምቢያን ስትረታ ፕሬዚዳንቱ እሳቸው ነበሩ፤ በመጋቢት 1986 ግብፅ በዚያችው ከተማ ካሜሩንን በፍጹም ቅጣት ምት ስታሸንፍም እሳቸው ነበሩ። በሁለቱ የካይሮ ፍጻሜዎች መካከል አገራቸው አብዮት፣ ቀይ ሽብርና ጦርነት አልፋለች። በትውልድ የተገኘ ወንበር ይህን ሁሉ ተሻግሮ አይቆምም።

ሁለተኛው ተቃውሞ፣ ጥሩ ተጫዋች ጥሩ አስተዳዳሪ ይሆናል ማለት አይደለም የሚል ነው። ትክክል ነው። የዛምቢያው ካሉሻ ቡዋሊያ የአገሩን ፌዴሬሽን ለስምንት ዓመታት መርቶ በ2018 በፊፋ የሥነ ምግባር ኮሚቴ ተቀጥቷል። ይድነቃቸውን የተኩት ካሜሩናዊው ኢሳ ሃያቱ በበኩላቸው ሯጭና የቅርጫት ኳስ ተጫዋች እንጂ በእግር ኳስ የታወቁ አልነበሩም፤ ቢሆንም ካፍን ለሃያ ዘጠኝ ዓመታት መርተው የአፍሪካ ዋንጫን ወደ አሥራ ስድስት ቡድን፣ የዓለም ዋንጫ ድርሻንም ወደ አምስት አሳድገዋል። ስለዚህ የቀድሞ ተጫዋች ሁሉ ይሾም አልልም። የምለው፣ ተጫዋችነት እንደ ዕውቀት ይቆጠርና ዕውቀቱ የሚሠራበት መንገድ ይዘጋጅ ነው። ካይሮ ይህን ታውቅበታለች። በ1959 ሦስት ጎል ያገባብን ኤል ጎሃሪ አሠልጣኝ ሆኖ በ1998 ለግብፅ ዋንጫውን አመጣ፤ ይህን በተጫዋችነትም በአሠልጣኝነትም ያደረገ የመጀመሪያው ሰው ነው። የዛማሌኩ ሐሰን ሸሃታ ከ2006 እስከ 2010 ሦስት የአፍሪካ ዋንጫ በተከታታይ ወሰደ። በ1986ቱ የካይሮ ድል ውስጥ የነበረው ማህሙድ ኤል ካቲብ ደግሞ በ2017 የአል አህሊ ክለብ ፕሬዚዳንት ሆኖ ተመረጠ። እነዚህ ሰዎች ጫማ ሲሰቅሉ ከቤቱ አልወጡም፤ ሌላ ክፍል ተሰጣቸው።

ይድነቃቸው ሁልጊዜ ትክክል ነበሩ ብዬም አልከራከርም። ካፍ በ1965 አንድ ቡድን በአፍሪካ ዋንጫ ከአህጉሩ ውጭ ከሚጫወቱት ከሁለት በላይ እንዳያሰልፍ ደንግጎ ነበር፤ እሳቸውም የተጫዋቾችን ወደ አውሮፓ መፍለስ አጥብቀው ይቃወሙ ነበር። ደንቡ በ1982 ተነሣ፤ መነሣቱም ተገቢ ነበር ብዬ አምናለሁ፤ ተጫዋቹ እንጀራውን የሚያገኝበትን ቦታ መርጦ በመሄዱ አገሩን እንዳይወክል ማድረግ ፍትሕ አልነበረም። ስጋታቸው ግን ከንቱ አልነበረም። ክለቦቻችን ተጫዋች አሳድገው በርካሽ ሲሸኙ ምን እንደሚቀር ዛሬ የአፍሪካ ሊጎች ስታዲየሞች ይናገራሉ። የተሳሳቱት በመድኃኒቱ እንጂ በሕመሙ አይደለም።

ወደ ራሳችን ስንመለስ ያሳዝነኛል። ከ1954 ዓ.ም. ድል ጀግኖች መንግሥቱ ወርቁ በአሠልጣኝነት ብሔራዊ ቡድኑን ለ1982ቱ የአፍሪካ ዋንጫ ማብቃታቸው የቀድሞ ተጫዋች ምን ሊያደርግ እንደሚችል ያሳያል፤ ከዚያ በኋላ ኢትዮጵያ ወደዚያ መድረክ ለመመለስ ሠላሳ አንድ ዓመት ፈጅቶባታል። አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎ ግን በደርግ ዘመን አገር ጥለው ጣሊያን ገቡ፤ በ2022 እዚያው አረፉ። የአፍሪካ ዋንጫን ለብቸኛ ጊዜ ያነሣ የኢትዮጵያ አምበል ቀሪ ዕድሜውን ከአገሩ ታዳጊዎች ርቆ አሳለፈ። በቅርብ ዘመን ደግሞ ሳላዲን ሰይድ በዋዲ ዴግላና በአል አህሊ፣ ሽመልስ በቀለ በፔትሮጄት፣ ኡመድ ኡኩሪ በኤንፒ ማሊያ የግብፅን ሊግ ከውስጥ አይተውታል። የሙያ ክለብ ደመወዝ እንዴት እንደሚከፍል፣ ልምምድ እንዴት እንደሚታቀድ፣ የተጎዳ ተጫዋች እንዴት እንደሚታከም፣ ውል እንዴት እንደሚፈረምና እንደሚፈርስ ያውቃሉ። ይህን በሴሚናር የሚያገኘው የለም። የዚህ ትውልድ ተጫዋቾች ከሜዳ ሲወጡ የሚጠብቃቸው ግን የመሸኛ ጨዋታና የአበባ ጉንጉን ብቻ ከሆነ፣ የተከፈለበትን ትምህርት ራሳችን እንጥለዋለን።

ለፌዴሬሽኑ ጠቅላላ ጉባኤ ድምፅ የምትሰጡ የክልልና የክለብ ተወካዮች ይህን ጉዳይ በእጃችሁ ይዛችኋል። በሥራ አስፈጻሚው ውስጥ ለቀድሞ ተጫዋቾች፣ ወንዶችም ሴቶችም፣ የተወሰነ ወንበር በደንብ ይጻፍ፤ ጫማ ለሚሰቅሉ የብሔራዊ ቡድን ተጫዋቾች የአስተዳደርና የአሠልጣኝነት ሥልጠና ወጪ በበጀት ይያዝ፤ የካፍ የሥልጠና ዕድል ሲመጣም መጀመሪያ እነሱ ይጠሩ። ይድነቃቸው ነሐሴ 1987 ሲያርፉ በካፍ ፕሬዚዳንትነት ላይ ነበሩ፤ ከእሳቸው በኋላ ያንን ወንበር የያዘ ኢትዮጵያዊ የለም።