ተፈርዶ ስላልተከፈለ ዕዳ

መንግሥት ሁለት ዓይነት መልክ አለው። በአንድ ወገን ሕግ አውጪና ፈራጅ ነው፤ በሌላው ወገን ደግሞ ሥራ አሠርቶ ዋጋውን ለመክፈል ውል ሲገባ እንደ ማናቸውም ሰው ባለዕዳ ነው። የፊተኛው ክብሩ የኋለኛውን ግዴታውን ያስረሳው እንደ ሆነ፥ ጉዳቱ ለባለገንዘቡ ብቻ ሳይሆን ለራሱም ይተርፋል። ይህን ለመረዳት የጎረቤታችንን የኬንያን ነገር መመልከት ይበቃል።

ኬንያ በአውሮፓ አቈጣጠር በ2010 ባጸደቀችው ሕገ መንግሥት መሠረት፥ ከ2013 ጀምሮ ካውንቲ የሚባሉ 47 የአውራጃ መንግሥታት አቋቁማ የጤናን፥ የእርሻንና የአውራጃ መንገድን ሥራ ለእነርሱ አስረክባለች። እነርሱም መንገዱንና ጤና ጣቢያውን የሚያሠሩት በሥራ ተቋራጮች ነው። ተቋራጩ ከባንክ ተበድሮ፥ ሲሚንቶና ብረት በዱቤ ገዝቶ፥ ለቀን ሠራተኛ ከፍሎ ሥራውን ካስረከበ በኋላ፥ ብዙ ጊዜ ገንዘቡ ወራትን አልፎ ለዓመታት ይቈይበታል። ደጅ መጥናት የሰለቸውም ወደ ፍርድ ቤት ይሄዳል።

ውሉንና የርክክቡን ወረቀት አቅርቦ ያስረዳ እንደ ሆነ ይረታል። ዋናው ችግር የሚጀምረው ግን ከረታ በኋላ ነው። መንግሥትን ስለ መክሰስ በ1956 የወጣው የኬንያ ሕግ፥ በ21ኛው ክፍል የመንግሥት ንብረት በፍርድ አፈጻጸም እንዳይያዝ ይከለክላል፤ ይኸውም እንግሊዞች በ1947 ያወጡትን ሕግ የተከተለ ነው። ክልከላው ለአውራጃዎቹም ስለ ተዘረጋ፥ ባለፍርዱ የአውራጃውን መኪና ወይም ቤት አስይዞ ማሸጥ አይችልም። አስቀድሞ የፍርዱን ማረጋገጫ ወረቀት አውጥቶ ለገንዘብ ሹሙ ያደርሳል፤ ካልተከፈለው ሹሙን የሚያስገድድ ትእዛዝ በሌላ አቤቱታ ይጠይቃል፤ ይህም ካልተፈጸመ ሹሙ ፍርድ ቤት በመድፈር እንዲቀጣ እንደ ገና ያመለክታል። አንዱን ዕዳ ለመቀበል ሦስት ጊዜ መሟገት ማለት ነው።

የሕጉ ምክንያት ከንቱ አይደለም። የሐኪም ቤት አልጋ ለተቋራጭ ገንዘብ ቢሸጥ የሚጐዳው በሽተኛው ነው። ደግሞም የሚቀርበው ሒሳብ ሁሉ እውነተኛ አይደለም። የአገሩ ዋና ኦዲተር እስከ ሰኔ 2018 መጨረሻ ድረስ የነበረውን የአውራጃዎች ዕዳ ሲመረምር፥ ከቀረበው 89 ቢሊዮን ሺሊንግ ያህል ውስጥ ሊከፈል የሚገባው 51 ቢሊዮን ያህሉ መሆኑን ገልጿል። ነገር ግን ሐሰተኛውን ሒሳብ መርምሮ መጣል አንድ ነገር ነው፤ በኦዲተር የተመሰከረለትን ወይም ፍርድ ቤት የቈረጠውን ዕዳ ማዘግየት ሌላ ነገር ነው። ንብረቱ እንዳይያዝ የከለከለው ሕግ ራሱ፥ ሹሙ የተፈረደበትን ገንዘብ ከነወለዱ እንዲከፍል ያዛል። የሚጠቅመውን ቃል ይዞ የሚከብደውን መተው ሕግ ማክበር አይባልም።

ከዚህም በላይ ዕዳ የሚያዘገይ መሥሪያ ቤት የሚጐዳው ራሱን ነው። ገንዘቡ እንደሚዘገይ ያወቀ ተቋራጭ የመዘግየቱን ኪሣራ አስቀድሞ በዋጋው ላይ ይጨምራል፤ አቅም የሌለው ቅን ሠራተኛ ከጨረታው ይርቃል፤ የሚቀረውም በየደጁ አማላጅ ያለው ነው። በቅሎ ገመዷን በጠሰች ቢሉ በራሷ አሳጠረች እንደሚባለው ነው።

መድኃኒቱም ሩቅ አይደለም። ገንዘቡ ተለይቶ ሳይቀመጥ ውል አይፈረም፤ የዓመቱ በጀት ሲደለደል የተፈረደ ዕዳ በቀኑ ተራ ከአዲስ ሥራ ይቅደም። አዲስ የተመረጠ ገዥም ቀድሞት የነበረው ያሠራውን መንገድ ከተረከበ፥ ዕዳውንም አብሮ ሊረከብ የተገባ ነው፤ ውል የገባው ሰውዬው ሳይሆን መንግሥቱ ነውና።

ይህ ለኬንያ ብቻ የሚነገር አይደለም፤ በሕዝብ ገንዘብ ሥራ ለሚያሠራ ማናቸውም መሥሪያ ቤት ትምህርት ነው። ዜጋው ለተፈረደበት ዕዳ ቤቱን ሲያስረክብ፥ መንግሥት የተፈረደበትን ሳይከፍል ቢቀር፥ ሕዝቡ ፍርድን ለደካማ ብቻ የተሠራች አድርጎ ይቈጥራታል። ይህ እምነት አንድ ጊዜ ከጠፋ ግን በገንዘብ አይመለስም።