መዝጋት ማስተማር አይደለም

ስለ ማኅበራዊ መገናኛና ስለ ትምህርት በአገራችን የሚነሣው ክርክር ሁሉ መጨረሻው አንድ ነው፤ «ዝጋው!»። ተማሪው አላነበበም? ቴሌግራሙን ዝጋው። ፈተናው ወጣ? ኢንተርኔቱን ዝጋው። እስቲ መዝጋቱ ምን እንዳስተማረን እንጠይቅ።

በግንቦት 2008 ዓ.ም የ12ኛ ክፍል ፈተና በማኅበራዊ መገናኛ ወጥቶ ተሰረዘ። በሐምሌ ፈተናው በድጋሚ ሲሰጥ ፌስቡክና መሰሎቹ ተዘጉ። በ2009 ዓ.ም የፈተና ሰሞን ኢንተርኔቱ ራሱ ተቋረጠ፤ በሰኔ 2011 ዓ.ምም እንዲሁ። በጥቅምት 2015 ዓ.ም ደግሞ ተፈታኞች ያለ ስልክ በየዩኒቨርሲቲው ግቢ ገብተው ተፈተኑ። ውጤቱ ሲነገር 50 ከመቶና ከዚያ በላይ ያመጣው ከ100 ተማሪ 3 ያህሉ ብቻ ነበር። ስርቆትን መከልከል ተገቢ ነው። ግን ዘበኛ ሌባ ይከለክላል እንጂ ፊደል አያስቆጥርም!

«ታዲያ ጥፋቱ የመንግሥት ነው» ብሎ የሚያጨበጭብም አይቸኩል። እዚሁ ግቢ ውስጥ «ሼር አድርጉ» የተባለውን ሳያነብ የሚያስተላልፈው ስንቱ ነው? ማን እንዳዘጋጀው የማይታወቅ ሃንድአውት ሸምድዶ ፈተና የሚቀመጠው፣ ማሽን የጻፈለትን ድርሰት ስሙን ለጥፎ የሚያስረክበውስ? ዱሮ አዋጅ ሲነገር «የሰማህ ላልሰማ አሰማ» ይባል ነበር። ነጋሪቱ በማን ስም እንደሚጎሰም ግን ገበያተኛው ሁሉ ያውቃል። ዛሬ ነጋሪቱ በየኪሳችን ገብቷል፤ ጎሳሚው ማን እንደሆነ እንኳ የሚጠይቅ የለም።

የሚያስቆጨው መድኃኒቱ እጃችን ላይ መሆኑ ነው። የታሪክ ተማሪ የብራና መጽሐፍ ሲቀርብለት ማን ጻፈው፣ መቼ ተጻፈ፣ ማን አስጻፈው፣ ከሌላው ቅጂ በምን ይለያል ብሎ ይጠይቃል። ይኸው ተማሪ ከክፍል ወጥቶ ስልኩን ሲከፍት ያ ሁሉ ጥያቄ የት ይገባል? የከረመ ፎቶግራፍ «የዛሬ ጠዋት» ተብሎ ሲላክለት አምኖ ያለቅሳል፣ ይሳደባል፣ ያስተላልፋል። «ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ» የተባለው ለብራና ብቻ ነው እንዴ?

በ1971 ዓ.ም የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ሲጀመር ፊደል ሊያስቆጥሩ ከዘመቱት መካከል ተማሪዎች ነበሩ። የጊዜው ሥርዓት ራሱን የቻለ ጉዳይ ነው፤ ለሥራው ግን ዩኔስኮ ሳይቀር ሽልማት ሰጥቷል። ያኔ ማይም የሚባለው ፊደል ያልለየው ገበሬ ነበር። የዛሬው ማይም ፊደሉን ለይቶ ዲግሪ ሊጭን የደረሰው ነው።

እንግዲህ ጥያቄያችን ግልጽ ነው። መምህራኖቻችን ስልክን ከመርገም ይልቅ በየትምህርቱ አንድ ሰዓት መድበው የስልኩን ወሬ ክፍል ውስጥ ከእኛ ጋር ይመርምሩት። እኛም ምንጩን ያላወቅነውን አናስተላልፍ፤ ያላነበብነውን «አንብቡ» አንበል። ክረምት ወደየቤታችን ስንገባ ታናናሾቻችንን አጠገባችን አስቀምጠን «ይህን ያለው ማነው?» ብሎ መጠየቅን እናስተምራቸው። ስልኩ እንደሆነ ቢዘጋም መልሶ መከፈቱ አይቀርም። ሲከፈት አንባቢ ሆነን እንጠብቀው!